አባት በብዕር፣ ልጅ በካሜራ

ዛሪማን ያውቋታል? ከጎንደር ተነስተው፣ ዳባትን አልፈው፣ ደባርቅ ላይ አረፍ ብለው፣ ከዚያም የሊማሊሞን ጠመዝማዛ አንድ ጊዜ ልብዎን ይዘው፣ አንድ ጊዜ ዓይንዎን ጨፍነው ሲወርዱ፣ ደጋው ከኋላ ቀርቶ አየሩ ሞቅ ሲል የሚያገኟት የመንገድ ዳር ከተማ ናት። ወደ አዲ አርቃይ፣ ከዚያም ወደ ተከዜ የሚዘልቅ መኪና በእርሷ በኩል ያልፋል። ሾፌሩ ጎማ ይመታል፤ ረዳቱ ውሃ ይጨምራል፤ መንገደኛው ሻይ ይጠጣል። ከዚያ መኪናው ይሄዳል፤ ዛሪማ ትቀራለች።

እንበልና፣ ከመንገድ ዳር ሻይ ቤቶች በአንዱ የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ አለች። እናቷ ብርጭቆ ያለቀልቃሉ፤ ከሰል ያራግባሉ፤ ሂሳብ ይቀበላሉ። ልጅቱ ደግሞ ከባንኮኒው ጀርባ ቁጢጥ ብላ ሽፋኑ የተገነጠለ መጽሐፍ ታነባለች። አንዱ መንገደኛ ረስቶት የሄደ ነው፤ ከመካከሉም ጥቂት ገጽ ጎድሎታል። እናት አንድ ጊዜ ተጣሩ፤ ሁለት ጊዜ ተጣሩ፤ በሦስተኛው ድምፃቸው ከፍ አለ።

«አንቺ ልጅ! ጀሪካኑ ባዶ ነው። ከመጽሐፍ ውሃ ይቀዳል?»

ልጅቱ መጽሐፉን ደረቷ ላይ እንደያዘች ጀሪካኑን አንስታ፣ «እማዬ፣ እኔ ሳድግ የአያቴን ታሪክ ፊልም አደርገዋለሁ» አለች።

እናት ሆይ፣ እርስዎ ቢሆኑ መልስዎ ምን ይሆን ነበር? ይህችን ልጅ እኔ በስም አላውቃትም፤ ለጨዋታችን መነሻ እንድትሆነን ያመጣኋት ናት። እርስዎ ግን ሳያውቋት አይቀሩም። ምናልባት በዚህች ሰዓት በጓዳዎ ውስጥ፣ ድስቱ እያረረባት፣ አንድ መጽሐፍ ላይ አቀርቅራ ይሆናል። ስለዚህ ከመቆጣትዎም፣ ከመሳቅዎም በፊት አንድ ጊዜ አብረን መኪናውን እናዙርና ሊማሊሞን ወጥተን፣ ከደባርቅም መቶ ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዘን፣ ጎንደር ከተማ እንግባ። እዚያ የማጫውትዎ የአንድ ቤተሰብ ታሪክ አለ።

በጎንደር ከተማ በ1938 ዓ.ም. አንድ ወንድ ልጅ ተወለደ፤ ስሙም ኃይሌ ተባለ። አባቱ ገሪማ ታፈረ የብዕር ሰው ነበሩ። የጎንደር አርበኞች ከፋሽስት ኢጣልያ ጋር ያደረጉትን ተጋድሎ ሰብስበው «ጎንደሬ በጋሻው» በሚል ርዕስ ጽፈው በ1949 ዓ.ም. አሳትመዋል። ሂሳቡን ይሥሩት፤ መጽሐፉ ሲወጣ ልጁ አሥራ አንድ ዓመት ገደማ ነበር። ለሌላው ልጅ መጽሐፍ ከትምህርት ቤት የሚሰጥ፣ ወይም ከሱቅ የሚገዛ ዕቃ ነው። ለዚያ ልጅ ግን መጽሐፍ ከገዛ ቤቱ የሚወጣ ነገር ነበር። ጀግኖቹም የሩቅ አገር ሰዎች አልነበሩም፤ የሚያውቃቸው ተራሮችና ወንዞች ልጆች ነበሩ።

ገሪማ ታፈረ ቴአትርም ይጽፉ ነበር። የጻፉትንም ይዘው በየአገሩ እየዞሩ ያሳዩ ነበር። ልጁም ከአባቱ ጋር ከዚያው መድረክ ላይ አደገ። ማታ ማታ ደግሞ ሌላ ትምህርት ቤት ነበረው፤ ምድጃ ዳር። አያቱ እሳቱን እየቆሰቆሱ ተረትና ታሪክ ያወሩለት ነበር። ዛሬ ዓለም የሚያውቃቸው የፊልም ሠሪው ኃይሌ ገሪማ ስለ ልጅነታቸው ሲጠየቁ፣ ይህንኑ የምድጃ ዳር ጨዋታና የአባታቸውን መድረክ ደጋግመው ያነሳሉ። አያትየዋ ልጁን ፊልም ሠሪ ላድርግ ብለው አስበው አልነበረም፤ እራት እስኪደርስ ልጅ ማቆያ ነበር ነገሩ።

ከዚያ ደግሞ ሲኒማው መጣ።

ያኔ በከተማው የሚታየው ፊልም የውጭ ፊልም ነው። ካውቦይ አለ፤ ታርዛን አለ። ኃይሌ ገሪማ ራሳቸው በኋላ ሲያስታውሱት እንደተናገሩት፣ እርሳቸውና ጓደኞቻቸው ታርዛንን ሲያዩ የሚጨነቁት ለታርዛን ነበር። ጥቁሮቹ አፍሪካውያን ከኋላው አድብተው ሲመጡበት፣ «መጡብህ! ተጠንቀቅ!» እያሉ ሲኒማ ቤቱን በጩኸት ይሞሉት ነበር። የጎንደር ልጆች፣ የአርበኞች ልጆች፣ አባቱ «ጎንደሬ በጋሻው»ን የጻፉለት ልጅ ሳይቀር፣ በገዛ ወገናቸው ላይ ለባዕድ ዘብ ቆመው ይጮሁ ነበር ማለት ነው። አይፍረዱባቸው። እኛስ ልጆቻችን በስልክና በቴሌቪዥን የሚያዩትን ቁጭ ብለን አይተነዋል? ለማን እንደሚጮኹስ ሰምተን እናውቃለን?

ለማንኛውም፣ በዚያ ልጅ ውስጥ ሁለት ነገር ተጋጨ። አንዱ የአባት መጽሐፍና የአያት ተረት ነው፤ እዚያ የአገሩ ሰው ስም አለው፣ ይናገራል፣ ይዋጋል፣ ይሞታል። ሌላው የሲኒማው ሸራ ነው፤ እዚያ እርሱን የሚመስል ሰው ወይ ይሸሻል፣ ወይ ይገደላል። ፊልሙን ብቻ አይቶ ያደገ ልጅ ቢሆን ኖሮ ግጭቱን ባላየውም ነበር። መጽሐፉ በቤት ስለነበረ ግን፣ እያደር ከውስጡ አንድ ጥያቄ በቀለ፤ «እኛ የታለን?» የሚል።

አሁን ትልቅ ሰው ሆነዋልና አንቱ እንበላቸው። ኃይሌ ገሪማ እ.ኤ.አ. በ1967 ቴአትር ሊማሩ ወደ አሜሪካ፣ ወደ ቺካጎ ሄዱ። እዚያም መድረኩ ለጥቁር ተማሪ የሚሰጠው ትንንሹን፣ የሎሌነቱን ቦታ ሆነባቸው። ስለዚህ ቺካጎን ትተው ወደ ካሊፎርኒያ፣ ሎስ አንጀለስ ወደሚገኘው ዩኒቨርሲቲ ተሻገሩና ፊልም ማጥናት ጀመሩ። በዚያው ጊዜ በዚያው ትምህርት ቤት እንደ ቻርልስ በርኔትና ጁሊ ዳሽ ያሉ ጥቁር አሜሪካውያን ወጣቶች ነበሩ፤ እነርሱም «እኛ የታለን?» የሚሉ ናቸው።

እ.ኤ.አ. በ1971 የሠሯት የመጀመሪያ አጭር ፊልማቸው «አወር ግላስ» ትባላለች፤ «የአሸዋ ሰዓት» እንደማለት ነው። ስለምን እንደሆነች ሲሰሙ ሳይገረሙ አይቀሩም። አንድ ጥቁር ወጣት አለ፤ የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ነው። ነጮች ተመልካቾች ፊት ይዘላል፤ ያገባል፤ ይጨበጨብለታል። ከዚያ መጽሐፍ ማንበብ ይጀምራል፤ የፍራንዝ ፋኖንንና የመሳሰሉትን ደራስያን። ሲያነብ ውሎ ወደ ሜዳው ሲመለስ ሜዳው ሌላ ሆኖ ይታየዋል። «እኔ እዚህ ምን እያደረግሁ ነው?» ይላል። እንግዲህ የጸሐፊው ልጅ ካሜራ በእጁ ሲገባ መጀመሪያ ያነሣው ታሪክ የአንባቢን ታሪክ ነው። ለእኔ ይህ እንዲያው የተገጣጠመ ነገር አይመስለኝም።

ከዚያ በኋላ የሆነው ብዙ ነው፤ ሁሉንም ብናወራው ገጹ አይበቃንም። እ.ኤ.አ. በ1974 አገራቸው መጥተው በሁለት ሳምንት ያህል ጊዜ፣ ሙያተኛ ባልሆኑ ሰዎች፣ በጥቁርና ነጭ ፊልም «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን አነሱ። «ሳንኮፋ» እ.ኤ.አ. በ1993 ወጣች። «ጤዛ» እ.ኤ.አ. በ2008 በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ የፊልም ጽሑፍ ሽልማትን አገኘች፤ በተከታዩ ዓመትም በዋጋዱጉ የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ታላቁን ሽልማት ወሰደች። እነዚህ ሁሉ ልብ ወለድ ናቸው። እኛን ዛሬ የሚያነጋግረን ግን ዘጋቢ ፊልም የምንለው ነው፤ ተዋናይ የሌለበት፣ የነበረውንና ያለውን ሰው በራሱ አንደበት የሚያናግረው።

በዚህኛውም በኩል ኃይሌ ገሪማ ከመጽሐፍ አልራቁም። እ.ኤ.አ. በ1975 በዋሽንግተን ከተማ በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ጀመሩ። እ.ኤ.አ. በ1985 ደግሞ ስለ አንድ አዛውንት ዘጋቢ ፊልም ሠሩ፤ ስለ ስተርሊንግ ብራውን። ብራውን ባለቅኔ ናቸው፤ በዚያው ዩኒቨርሲቲ ለረዥም ዘመን ሥነ ጽሑፍ ያስተማሩ። ካሜራው ወደ እኒህ ሽማግሌ ተጠግቶ ያዳምጣቸዋል። ፊልሙ በወጣ በአራት ዓመቱ እ.ኤ.አ. በ1989 ብራውን አረፉ። አራት ዓመት! «ትንሽ ቆይተን እንሠራዋለን» ተብሎ ቢሆን ኖሮ ያ ድምፅ ከሰውየው ጋር መቃብር ይወርድ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1999 የወጣው «ዓድዋ» ግን ከሁሉም ይልቅ ከጎንደሩ ምድጃ ጋር የሚያያዝ ይመስለኛል። ጦርነቱ የተካሄደው በ1888 ዓ.ም. ነው፤ ፊልም ያነሳው የለም። ታዲያ ተንቀሳቃሽ ሥዕል በሌለበት ስለ አንድ ጦርነት ፊልም እንዴት ይሠራል? ኃይሌ ገሪማ ያደረጉት፣ አባታቸው በብዕር ያደረጉትን ነው፤ ሰው መጠየቅ። ሽማግሌ ያወራል፤ ዘፈንና ቀረርቶ ይሰማል፤ በሠዓሊ እጅ የተሣሉት የዓድዋ ሥዕሎች በካሜራ ፊት ይነበባሉ። እግረ መንገዴን ላንሳውና፣ በዚያ ጦርነት ስማቸው የሚጠራው እቴጌ ጣይቱ ብጡል ከሰሜን መሳፍንት የሚወለዱ ናቸው፤ ሰሜንን የገዙት ደጃዝማች ውቤም የሥጋ ዘመዳቸው ነበሩ። የዛሪማዋ ልጅ አንገቷን ቀና አድርጋ የምታየው ተራራ የእቴጌዋ የዘር አገር መሆኑን ማን ይነግራታል? በቤት ያለ ሰው ካልነገራት፣ መጽሐፍም ካልነገራት፣ ስልኩ እንደሆነ አይነግራትም።

ደግሞ ልብ ይበሉ፤ ይህ የአባትና የልጅ ታሪክ ብቻ አይደለም። የኃይሌ ገሪማ ባለቤት ሺሪኪያና አይና ራሳቸው ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1982 «ብሪክ ባይ ብሪክ» በተባለ ፊልማቸው፣ በዋሽንግተን ከተማ ድሆች ጥቁሮች ከሚኖሩበት ሰፈር እንዴት እንደሚገፉ አሳይተዋል። «ሳንኮፋ»ንም ከባላቸው ጋር ሆነው ነው ለተመልካች ያበቁት። ያቺ ፊልም ተሠርታ ካለቀች በኋላ የሚያከፋፍላት ሲጠፋ፣ ሲኒማ ቤት ራሳቸው እየተከራዩ ከከተማ ከተማ አሳይተዋታል። እህል አምርቶ ገበያ የሚያደርሰው ጋሪ ያጣ ሰው በጀርባው ተሸክሞ እንደሚወጣው ማለት ነው።

ታዲያ ከዚያ በኋላ ባልና ሚስቱ ምን ከፈቱ መሰለዎ? መጻሕፍት መደብር። በዋሽንግተን ጆርጂያ አቬኑ በሚባለው ጎዳና፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት፣ «ሳንኮፋ» የሚል ስም ያለው የመጻሕፍት፣ የቪዲዮና የቡና ቤት ነው። ሳንኮፋ በጋና የአካን ሕዝብ ቋንቋ «ተመለስና አምጣው» እንደማለት ነው፤ ምልክቱም አንገቱን ወደ ኋላ ያዞረ ወፍ ነው። ፊልም ሠርቶ ስሙ የታወቀ ሰው ሌላ ነገር ሊከፍት ይችል ነበር። እነርሱ ግን ፊልሙ ወደበቀለበት ተመለሱ። ልጃቸው መራዊ ገሪማም አድጎ ፊልም ሠሪ ሆነ፤ «ሬዚዱ» የተባለችው ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2020 ወጥታለች፤ የምታወራውም ስለዚያው ሰዎቹ ስለሚገፉበት የዋሽንግተን ሰፈር ነው። እናትየዋ በ1982 የጠየቁትን ልጁ ከአርባ ዓመት ገደማ በኋላ እንደገና ጠየቀ። አያት በብዕር፣ አባትና እናት በካሜራ፣ የልጅ ልጅም እንደዚያው።

«ወንድ ነው፤ የተማረ አባት ነበረው፤ አሜሪካ ሄደ» ብለው እንዳይተዉት፣ የአንዲት እህታችንን ስም ልጨምርልዎ። ሳሌም መኩሪያ ይባላሉ። አገራቸውን ለቀው አሜሪካ ከገቡ በኋላ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ፣ የዌልስሊ ኮሌጅም መምህርት ሆነዋል። እርሳቸውም እ.ኤ.አ. በ1991 ካሜራቸውን ያዞሩት ወደ አንዲት ደራሲት ነው፤ ዶሮቲ ዌስት ወደምትባል ጥቁር አሜሪካዊት። በዚያው ዓመት ደግሞ «ስደት» የተባለውን ፊልም ሠሩ፤ በሱዳን የሚኖሩ ሦስት ስደተኛ ሴቶች ኑሯቸውን የሚናገሩበት ነው። ቆየት ብለውም «የወንዝ ማዕበል»ን ሠሩ። በአብዮቱ ዘመን የጠፋ ወንድማቸውንና የተገደለች የልብ ጓደኛቸውን የሚያስታውሱበት ፊልም ነው። የአንድ ቤት ኀዘን ነው፤ ግን የስንቱ ቤት ኀዘን መሰለዎ! ያንን ዘመን ያየች እናት ፊልሙን ስታይ የማን ስም ትዝ እንደሚላት እርሷ ታውቃለች።

አሁን ወደ ዛሪማ እንውረድ።

«እኛ እኮ ጸሐፊ አባት የለንም፤ ቤታችንም መደርደሪያ የለም» የምትል እናት ትኖራለች። እውነቷን ነው። ግን አንድ ነገር እናስታውስ። ወጋየሁ ንጋቱ የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርከው፣ ፊደል የማይለዩ እናቶች ሳይቀሩ ሥራቸውን ጥለው፣ ሬዲዮ ያለው ጎረቤት ቤት ተሰብስበው ያዳምጡ ነበር። ያንን መጽሐፍ አነበቡት እንበል ወይስ አላነበቡትም? በ1971 ዓ.ም. የተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻም ብዙ እናቶችን ከልጆቻቸው እኩል ደብተር አስይዟል። እነዚያ እናቶች ዛሬ አያቶች ናቸው። ስማቸውን ለመጀመሪያ ጊዜ የጻፉበትን ቀን የጠየቃቸው አለ? እኔ ስንቱን የከተማ ቤት አይቻለሁ፤ የአያት ፎቶግራፍ በወርቅማ ክፈፍ ተሰቅሎ፣ አያትየዋ ራሳቸው ግን ማዕዘኑ ላይ ማንም ሳያናግራቸው የሚውሉበት።

በሰሜን ጎንደርማ የሚጠየቀው ብዙ ነው። ከሊማሊሞ አናት፣ ወልቀፊት ላይ፣ የኢጣልያ ጦር ምሽግ ነበረው፤ እጁን የሰጠው በመስከረም ወር 1934 ዓ.ም. ነው። ጎንደርም የተለቀቀችው በዚያው ዓመት ኅዳር ላይ ነው። ያኔ የስምንት ዓመት ልጅ የነበሩ ሴት ዛሬ በሕይወት ካሉ ዘጠና ዓመት አልፏቸዋል። የመድፉን ድምፅ ሰምተው ይሆናል፤ እናታቸው ዋሻ ውስጥ ደብቀዋቸውም ይሆናል፤ ወይም ለአርበኛ ስንቅ ተሸክመው ይሆናል። መጽሐፉ የጦር አለቆቹን ስም ይነግረናል እንጂ፣ ሽሮው በየትኛው ቤት እንደተፈጨ፣ ሕፃኑ እንዳያለቅስ በምን እንደተባበለ አይነግረንም። ያንን የሚያውቁት ሴቶቹ ናቸው። ቅርቡንም ብንል፣ በ2013 ዓ.ም. ክረምት ጦርነቱ በአዲ አርቃይና በዛሪማ በኩል ዘልቆ እስከ ደባርቅና ዳባት ገጠር ሲደርስ፣ ብዙ ቤተሰብ ልጁን አዝሎ ተሰዷል። የጥይቱን ብዛት የሚጽፍ አይጠፋም። እናት ከቤት ስትወጣ መጀመሪያ ያነሣችው ዕቃ ምን እንደነበር ግን ማን ይጽፈዋል?

አንድ ነገር ልንገርዎ፤ በራሴ የደረሰ ነው። አያቴ ብዙ ተረት ነበራቸው። እኔም ማንበብ የምወድ ልጅ ነበርኩና የእርሳቸውን ተረት እንደ ኋላ ቀር ነገር አየሁት፤ ከመጽሐፌ ቀና ብዬ «እሺ እማማ» እላለሁ እንጂ ልቤ እዚያ አልነበረም። ከተማ ገባሁ፤ ሥራ ያዝኩ። ቴፕ መቅጃም ገዛሁ፤ ዘፈን ሰማሁበት። አንድ ቀን ሄጄ አያቴን እቀዳለሁ ስል፣ መርዶ መጣ። ዛሬ ከዚያ ሁሉ ተረት የማስታውሰው አንዱን ብቻ ነው፤ እርሱንም መጨረሻውን አላውቀውም፤ ስለ አንዲት ጅብ ያታለለች እንጀራ ልጅ ነው። ልጄ «ከዚያስ?» ስትለኝ ከራሴ ፈጥሬ እጨርስላታለሁ። ውሸቴን እንደሆነ ታውቅብኛለች።

እንግዲህ መጽሐፍ ማንበብ ብቻውን አይበቃም፤ እኔ ምስክር ነኝ። አያትን መስማት ብቻውንም ላይበቃ ይችላል። ሁለቱ በአንድ ልጅ ላይ ሲገናኙ ነው ያ የጎንደሩ ነገር የሚሆነው። መጽሐፉ ልጅን መጠየቅ ያስተምራታል፤ «ከዚያስ? ለምን? አንቺ ያኔ የት ነበርሽ?» የምትለውን ከዚያ ትማራለች። አያት ደግሞ መልሱን ይዘዋል። ካሜራው ዛሬ ብርቅ አይደለም። ኃይሌ ገሪማ ለፊልም ጥቅሉ፣ ለማጠቢያው፣ ለማቀናበሪያው ገንዘብ ሲያጡ ዓመታት ይጠብቁ ነበር። ዛሬ በሻይ ቤቱ የሚያልፈው የመኪና ረዳት ኪስ ውስጥ ያለው ስልክ ሥዕልም ድምፅም ይቀዳል። የጎደለን መሣሪያው አይደለም፤ የሚጠይቅ ልጅ ነው።

የዛሪማዋን እናት አልወቅሳቸውም። ውሃው መቀዳት አለበት፤ መኪናው ሲቆም ሻዩ መፍላት አለበት። ልጅቱ ብትረዳቸው ነው ቤቱ የሚቆመው። ነገር ግን የምናውቀውን እንነጋገር፤ በስንቱ ቤት ወንዱ ልጅ መጽሐፍ ሲይዝ «ያጥናበት፣ አትንኩት» ይባላል፤ ሴቷ ስትይዝ ጀሪካኑ ባዶ መሆኑ ትዝ ይለናል። በቀን አንድ ሰዓት፣ ጀሪካኑ ከተሞላ በኋላም ቢሆን፣ «የእርሷ ሰዓት ነው» ተብሎ ወንድሞቿም፣ አባቷም፣ እኛም ብንተውላት ብዙ አይጎድልብንም። ወንድምየው በዚያች ሰዓት ብርጭቆ ቢያጥብ ደግሞ እጁ አይሰበርም።

እርስዎም የከተማ ሠራተኛ፣ ልጅዎ አንብቦ የጨረሰው መጽሐፍ ሳጥን ውስጥ አቧራ እየጠጣ ከሆነ፣ ወደ ሰሜን የሚሄድ ዘመድ ሲያገኙ ሁለት ሦስቱን በላስቲክ ጠቅልለው ይላኩ። ቅቤና በርበሬ ከአገር ቤት ሲመጣልን እጃችንን ዘርግተን እንቀበላለን፤ የምንመልሰው ግን ብዙ ጊዜ ባዶ ጀሪካን ነው። የመጽሐፍ ሽፋን ቢገነጠል ግድ የለም። ገጽ እንዳይጎድል ብቻ ይዩልኝ፤ መጨረሻ የሌለው ተረት ምን እንደሚያደርግ ነግሬዎታለሁ።

ልጅዎ አያቷን ልትቀዳ ብትነሳ የሚረዳዎትን ጥቂት ነገር ልጨምር። መጀመሪያ ፈቃድ ትጠይቅ፤ አያት «ይህን አታንሽው» ካሉ አይነሣም፤ ምክንያቱን የሚያውቁት እርሳቸው ናቸው። ሁለተኛም፣ ሙቀጫው እየተወቀጠ፣ ቴሌቪዥኑ እየጮኸ አይሆንም፤ ስልክ የቅርቡን ድምፅ ሁሉ አብሮ ይወስዳልና ከአያት ጉልበት አጠገብ ይቀመጥ። በሩ ከጀርባቸው ሲሆን ፊታቸው ይጨልማል፤ ብርሃኑ በፊት ለፊት ይምጣ። ሲጀመር ስማቸውን፣ የተወለዱበትን አገር፣ ቀኑንም ልጅቱ በድምፅ ትናገር፤ ከሃያ ዓመት በኋላ ይህ ማን እንደነበረ የሚጠይቅ የልጅ ልጅ አለ። «ጦርነቱን ንገሪኝ» ማለት አይጠቅምም፤ ትልቅ ጥያቄ አጭር መልስ ነው የሚያመጣው። «ያን ቀን ምን በላችሁ?» ትበላቸው። አያት ሲያቋርጡ አብራ ዝም ትበል፤ የዘመኑ ልጆች ዝምታ ይከብዳቸዋል። የተቀዳውንም በአንድ ስልክ ላይ ብቻ አታስቀምጡት፤ ስልክ ይሰረቃል፣ ውሃ ይገባዋል። ለአንድ ዘመድ ቅጂ ይላክ።

ሰዓቱ ደግሞ የቡና ሰዓት ቢሆን ጥሩ ነው። በአቦሉ ላይ ሁሉም ስለ ገበያው ያወራል። በቶናው ላይ አያት ይጀምራሉ፤ ጨዋታውን ያውቁታልና ለሰው የሚሆነውን መርጠው ነው የሚያወሩት። ሲጨርሱ «በቃ፣ ይኸው ነው» ይላሉ። ያኔ ልጅቱ እጇን ወደ ስልኩ እንዳትሰድ ይንገሯት። በረካው ሲቀዳ፣ ሲኒውን በሁለት እጃቸው ይዘው፣ «አይ... እናቴን እኮ ያን ለት...» ብለው እንደገና ይጀምራሉ።